ለልጆች የመጫወቻ ኦቨን የሚሆን የኩኪስ ድብልቅ፦ በደሴና በኮምቦልቻ ልክ

ጥያቄው ሁልጊዜ አንድ ነው። ከውጭ ዘመድ ለልጅቷ የመጫወቻ ኦቨን ላከላት። አብረው የመጡት ሁለት ሦስት ፓኬቶች በአንድ ቅዳሜ አለቁ። አሁን ኦቨኑ ቁምሳጥን ላይ ተቀምጧል፣ ልጅቷ ደግሞ በየቀኑ «ዛሬስ አንጋግርም?» ትላለች። ከዚያ ለእኔ ይደወላል፦ «የዚያ ዱቄት የት ይገኛል?»

እኔም ደሴ ላይ ፒያሳንም ሰኞ ገበያንም ዞሬ ፈልጌዋለሁ፣ አላገኘሁም። ግን ፓኬቱ ውስጥ ያለው ዱቄት፣ ስኳር፣ የሚረጋ ቅቤና ቤኪንግ ፓውደር ነው። ሁሉም ሰፈራችሁ ካለው ሱቅ ይገኛል። አንድ ጊዜ ቁጭ ብላችሁ ከሠራችሁት አሥር ፓኬት ያህል ይወጣችኋል። ከዚያ በኋላ ልጅቷ አንዱን ፓኬት አውጥታ፣ ጠብ የምትል ወተት ጨምራ፣ ራሷ ትጋግራለች።

ከመጀመራችሁ በፊት ግን ኦቨኑን ገልብጣችሁ እዩት።

መጀመሪያ ኦቨኑ

ከኦቨኑ ሥር ወይም ከኋላው ቮልቴጁ ተጽፏል። ከአሜሪካ የመጣ ከሆነ 120 ቮልት ይላል። የእኛ ቤት መብራት 220 ነው። ሶኬቱን በአዳፕተር ብቻ አስተካክላችሁ ብትሰኩት፣ ኦቨኑ ከተሠራበት ኃይል ከሦስት እጥፍ በላይ ይስባል። ማሞቂያው ወዲያው ሊቃጠል ይችላል፤ ፕላስቲኩም ሊቀልጥ፣ እሳትም ሊነሳ ይችላል። አዳፕተር የሶኬቱን ቅርጽ እንጂ ቮልቴጁን አይቀይርም። እስታቢላይዘርም ለዚህ አይሆንም። የሚያስፈልጋችሁ ከ220 ወደ 110 የሚቀንስ ትራንስፎርመር ነው። ኦቨኑ ላይ የተጻፈውን ዋት ተመልከቱና የዚያን እጥፍ የሚችል ግዙ። ኦቨኑ 100 ዋት ከሆነ 200 ወይም ከዚያ በላይ ይሁን፤ ትራንስፎርመሩ አቅሙ ጫፍ ላይ ሆኖ ሲሠራ ይግላል።

ከአውሮፓ ወይም ከዱባይ የመጣ ከሆነ ብዙውን ጊዜ 220 ወይም 230 ነው። ቢሆንም አንብቡት።

አንዳንድ የቆዩ ኦቨኖች የሚጋግሩት በአምፖል ሙቀት ነው። እነዚህ የሚሠሩት ክሩ በሚግለው በድሮው ዓይነት አምፖል ብቻ ነው። ኤልኢዲ ወይም ኢኮኖሚ አምፖል ብትገጥሙለት ይበራል እንጂ አይጋግርም፣ ምክንያቱም ለመጋገር የሚበቃ ሙቀት አይሰጥም። ኦቨኑ ላይ ከተጻፈው ዋት በላይ የሆነ አምፖልም አትግጠሙ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

ልኩን በቡና ሲኒ አድርጌዋለሁ፣ ሲኒ የሌለበት ቤት የለምና። የእኔ ሲኒ በአምስት የሾርባ ማንኪያ ውሃ ይሞላል። የእናንተም እንደዚያ ከሆነ ልኩ ነው። ከጀመራችሁበት ሲኒ ወደ ሌላ አትቀይሩ።

- የፉርኖ ዱቄት፣ 6 ሲኒ
- ስኳር ተፈጭቶና ተነፍቶ፣ 2 ሲኒ
- የዱቄት ወተት፣ ግማሽ ሲኒ
- የሚረጋ የአትክልት ቅቤ፣ 1 ሲኒ እና 2 የሾርባ ማንኪያ
- ቤኪንግ ፓውደር፣ ደሴ ላይ ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ ኮምቦልቻ ላይ ሦስት አራተኛ
- ጨው፣ ሩብ የሻይ ማንኪያ
- ቫኒላ በዱቄት መልክ ካገኛችሁ፣ ትንሽ ቁንጥር

ከዕቃ፦ ሰፊ ጎድጓዳ ሳህን፣ ወንፊት፣ የሻይና የሾርባ ማንኪያ፣ አፋቸው የሚገጥም ትንንሽ ላስቲኮች ወይም ክዳኑ የሚጠብቅ ብልቃጥ፣ እስክሪብቶና ወረቀት።

ቅቤው ላይ ላስረዳ፣ ምክንያቱም ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። የምፈልገው ሱቅ መደርደሪያ ላይ ፍሪጅ ሳይገባ የሚቀመጠውን፣ የሚረጋውን የአትክልት ቅቤ ነው። እሱ ውሃ ስለሌለው ከዱቄቱ ጋር ተደባልቆ ሳይበላሽ ይቆያል። ለጋ ቅቤ ውሃም ወተትም ስላለው ድብልቁ በሳምንት ውስጥ ይሸታል። የተነጠረ ቅቤ ከሆነ ደግሞ ኮረሪማውና ኮሰረቱ ኩኪሱን ወጥ ወጥ ያሰኘዋል። ፈሳሽ ዘይት ዱቄቱን ያጓጉለዋል፤ ሲጋገርም ኩኪሱ ትሪው ላይ ተዘርግቶ ይቀራል።

የደሴና የኮምቦልቻ ልዩነት

መጀመሪያ የሠራሁት ከውጭ በተገኘ ልክ ነበር፣ አንድ ሙሉ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር አድርጌ። ደሴ እኔ ቤት ኩኪሱ አበጠ፣ ከዚያ መሃሉ ሰመጠ፣ ትሪው ላይ ተጣብቆ በቢላ ተፋቀ። ከዚያው ድብልቅ አንድ ፓኬት ለእህቴ ኮምቦልቻ ላክሁላት። የእሷ ፍጹም ባይሆንም ለመብላት የሚሆን ነበር። ዱቄቱ ያው፣ ኦቨኑም ተመሳሳይ። የተለየው ከፍታው ነው።

ኮምቦልቻ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 1,850 ሜትር ገደማ ናት። የሐረጎን ዳገት ወጥታችሁ ደሴ ስትደርሱ 2,500 ሜትር አካባቢ ናችሁ። ከፍ ባላችሁ ቁጥር የአየሩ ግፊት ይቀንሳል፤ ከቤኪንግ ፓውደሩ የሚወጣውን ጋዝ የሚጫነው ነገር ስለሚቀንስ ጋዙ ይበልጥ ይለጠጣል። ሊጡ ሳይጠነክር ቶሎ ያብጣል፣ መያዝ ሲያቅተው ይወድቃል። ስለዚህ ደሴ ላይ ቤኪንግ ፓውደር ይቀነሳል።

ሁለተኛው ነገር ውሃው ነው። ደሴ ላይ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ፣ ኮምቦልቻ ላይ በ94 ገደማ ነው። ከፍ ያለ ቦታ ላይ ከሊጡ እርጥበት ቶሎ ይተናል። ስለዚህ ደሴ ላይ ሲለወስ ከወተቱ ጥቂት ጠብታ ተጨማሪ ያስፈልጋል። በተረፈ ድብልቁ ለሁለቱም አንድ ነው። ደሴ ሠርታችሁ ኮምቦልቻ ላለች የእህት ልጅ የምትልኩ ከሆነ በኮምቦልቻው ልክ ለብቻው ሥሩላት።

ድብልቁን ማዘጋጀት

ይህ የአዋቂ ሥራ ነው። ልጅ አጠገባችሁ ቁጭ ብላ ሲኒ ትቁጠርላችሁ።

1. ቤኪንግ ፓውደሩን ፈትኑ። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ሙቅ ውሃ ውስጥ ጣሉት። ወዲያው ሽሽ ብሎ አረፋ ካወጣ ደህና ነው። ዝም ካለ ሞቷል፣ ሌላ ግዙ። ሱቅ ውስጥ ተከፍቶ የቆየ ብዙ አለ። ካልፈተናችሁት የሞተ መሆኑን የምታውቁት አሥሩን ፓኬት ሠርታችሁ ከጨረሳችሁ በኋላ ነው።

2. ስኳሩን ፍጩ። የሻይ ስኳራችን ቅንጣቱ ትልቅ ነው። የመጫወቻ ኦቨን ሙቀቱ ደካማ፣ ጊዜውም አጭር ስለሆነ ትልቁ ቅንጣት ሳይሟሟ ይቀርና ኩኪሱ አሸዋ አሸዋ ይላል። የቡና መፍጫ ማሽን ካላችሁ በደንብ አጽዱት፣ ወይም ሙቀጫ ተጠቀሙ። በርበሬ የተወቀጠበትን ሙቀጫ ግን አትንኩ፤ ምንም ያህል ቢታጠብ ያቃጥላል፣ ልጅም ከዚያ በኋላ ኩኪስ አታምናችሁም። ከተፈጨ በኋላ በወንፊት ንፉት፣ የቀረውን መልሳችሁ ፍጩ። ሲኒው የሚለካው ከተነፋ በኋላ ነው።

3. ዱቄቱን ንፉ፣ ከዚያ ለኩ። ታምቆ የተሰፈረ ዱቄት በአንድ ሲኒ ላይ ብዙ ይጨምራል፣ ኩኪሱም ድንጋይ ይሆናል። በማንኪያ እያፈሳችሁ ሲኒውን ሙሉ፣ ከላይ በቢላ ጀርባ ጥረጉት። ሲኒውን ጠረጴዛ ላይ አታንኳኩ። ሲነፋ ነቀዝም ካለ ይታያል።

4. ደረቁን በሙሉ አንድ ላይ አድርጉ። ዱቄት፣ ስኳር፣ የዱቄት ወተት፣ ቤኪንግ ፓውደር፣ ጨው፣ ቫኒላ። ሁለት ጊዜ አንድ ላይ ንፉት። ግማሽ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር ለአሥር ፓኬት እኩል መዳረስ አለበት። ካልተዳረሰ አንዱ ፓኬት ይነፋል፣ ሌላው ይተኛል።

5. ቅቤውን ጨምራችሁ እሹ። ይህን እርምጃ አትቸኩሉበት። ቅቤው የረጋ ይሁን፤ የቀለጠ ከሆነ ዱቄቱን ሊጥ ያደርገዋል። ኮምቦልቻ ከሰዓት በኋላ ሙቀት ነው፣ ስለዚህ ቅቤውን ግማሽ ሰዓት ፍሪጅ አስገቡት ወይም ጠዋት ሥሩት። ደሴ ላይ ደግሞ በክረምት፣ የጦሳ ተራራ ጉም ለብሶ በሚያድርበት ጊዜ፣ ቅቤው ጠጥሮ አልታሽ ሊል ይችላል፤ ከምድጃው ራቅ አድርጋችሁ ለጥቂት ደቂቃ አስቀምጡት። በጣታችሁ ጫፍ ብቻ እሹ፣ መዳፍ ቅቤውን ያቀልጠዋል። አንስታችሁ እያሻሻችሁ ልቀቁት። ሲደርስ ደቃቅ ቅንጬ ይመስላል፣ የቅቤ ጉብታም አይታይበትም። በእጃችሁ ጨበጥ ስታደርጉት ይያዛል፣ ስትነኩት ይፈርሳል። በዚህ መልክ ቅቤው እያንዳንዱን የዱቄት ቅንጣት ይሸፍነዋል። በኋላ ወተት ሲገባበት ሊጡ እንደ ዳቦ አይሳብም፣ ኩኪሱ ፍርክስክስ የሚለው ለዚህ ነው።

6. ከፋፍሉ። በየላስቲኩ አምስት የሾርባ ማንኪያ፣ አፉ የተስተካከለ፣ አድርጉ። ወደ 50 ግራም ይሆናል። ለመጫወቻ ኦቨን ሁለት ዙር ይበቃል። አንድ ትልቅ ዕቃ ውስጥ አታስቀምጡት፣ ልጅ ማንኪያ ባስገባች ቁጥር እርጥበት ይገባል።

7. ቀኑን ጻፉበት። አብራችሁም «1 የሻይ ማንኪያ ወተት፣ 20 ደቂቃ ማሞቅ፣ 10 ደቂቃ መጋገር» ብላችሁ ጻፉ። ማንበብ የቻለች ልጅ ራሷ ትከተለዋለች። ደሴ ላይ ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ከሆነ ሁለት ወር ይቆያል። ኮምቦልቻ ላይ አንድ ወር፣ ወይም ፍሪጅ ውስጥ አድርጉት። ከመጋገራችሁ በፊት አሽትቱት፣ የቆየ ዘይት ሽታ ካለው ጣሉት።

መጋገር

እዚህ ላይ ባለቤቷ ልጅቷ ናት። አብዛኞቹ እነዚህ ኦቨኖች ከ8 ዓመት በላይ ላሉ ልጆች የተሠሩ ናቸው። ቢሆንም ሶኬቱን የሚሰካውም የሚነቅለውም አዋቂ ይሁን፣ እስኪያልቅም አጠገቧ ሁኑ።

1. ኦቨኑን አስቀምጡና አሙቁ። ጠንካራና ደረቅ ጠረጴዛ ላይ ይሁን። ምንጣፍ፣ ፍራሽና የፕላስቲክ ጠረጴዛ ልብስ ላይ አይሆንም። መጋረጃም አጠገቡ አይኑር። 20 ደቂቃ አሙቁት። ደሴ ላይ ቤቱ ከቀዘቀዘ 25 አድርጉት። ኦቨኑ ትንሽ ስለሆነ በቂ ሙቀት ሳይዝ ሊጥ ከገባ ቅቤው መጀመሪያ ይቀልጥና ኩኪሱ ይፈስሳል።

2. እጅ ይታጠብ፣ ሊጡ ይለወስ። ፓኬቱን ትንሽ ሳህን ላይ ገልብጡ። አንድ የሻይ ማንኪያ ቀዝቃዛ ወተት ወይም ውሃ ጨምሩ። በማንኪያ አደባልቁ። ካልተያያዘ ጠብታ በጠብታ ጨምሩ፤ ደሴ ላይ ብዙውን ጊዜ እስከ አንድ ማንኪያ ተኩል ይፈልጋል። ተያይዞ እጅ ላይ የማይጣበቅ ሲሆን አቁሙ። አብዝታችሁ አትለውሱት፣ ይጠነክራል።

3. በብይ ልክ አድቦልቡሉ። ስምንት ወይም ዘጠኝ ይወጣል። በጣት ጠፍጠፍ አድርጓቸው፤ ሁለት የአንድ ብር ሳንቲም ቢደራረብ የሚያህል፣ ወደ 4 ሚሊ ሜትር። ከዚህ ከወፈረ ውጭው ሲደርቅ መሃሉ ጥሬ ይሆናል፣ ቀጭኑን የኦቨን በርም አያልፍ ይሆናል።

4. ትሪውን ቅቤ ቀቡ፣ በጣም ስስ አድርጋችሁ። አራት ወይም አምስት ኩኪስ በአንድ ጊዜ፣ በመካከላቸው የጣት ስፋት ትታችሁ ደርድሩ። ቅቤ ከበዛ ወደ ማሞቂያው ይንጠባጠብና ይጨሳል።

5. ከኦቨኑ ጋር በመጣው መግፊያ አስገቡ። ጣት በፍጹም በበሩ አይግባ። መግፊያው ከጠፋ ኦቨኑ አይሠራበት፣ ምትክ እስኪገኝ ይቀመጥ። ውስጡ እውነተኛ ኦቨን ነው፣ ከ150 ዲግሪ በላይ ይግላል።

6. 10 ደቂቃ ጠብቁ። ዳሩ ቀላ ካለ ደርሷል። መሃሉ ነጣ ቢል ችግር የለውም፣ የመጫወቻ ኦቨን ብዙ አያቀላም። ካልደረሰ ሁለት ሁለት ደቂቃ ጨምሩ።

7. ወደ ማቀዝቀዣው ክፍል ግፉት፣ ሌላ 10 ደቂቃ ይቆይ። ትኩሱ ኩኪስ ለስላሳ ነው፣ ወዲያው ሲነሳ ይሰበራል። ሲቀዘቅዝ ራሱ ይጠነክራል። ልጆች የማይችሉት ይህችን አሥር ደቂቃ ነው። በዚህ ጊዜ ሁለተኛውን ዙር ታድቦልብል።

መብራት ሲጠፋ

ይጠፋል፣ ስለዚህ አስቀድማችሁ እወቁት። ወዲያው ትራንስፎርመሩን ከግድግዳው ንቀሉ፤ መብራት ሲመለስ ከፍ ብሎ ሊመጣ ይችላል። ትሪውን አታውጡ፣ ሙቀቱ ውስጡ ነው። በአምስት ደቂቃ ውስጥ ከተመለሰ መልሳችሁ ሰክታችሁ ትንሽ ጨምሩለት። ከቆየ፣ ትሪው ሲቀዘቅዝ አውጡና አዋቂ ሰው መጥበሻ ላይ፣ በዝቅተኛ እሳት፣ ከድኖ ይጨርሰው። ለእያንዳንዱ ወገን ሦስት አራት ደቂቃ ይበቃዋል።

ማስጠንቀቂያ

ጥሬው ሊጥ አይላስ። ድብልቁ ውስጥ እንቁላል የለም፣ ሆን ብዬ ነው ያወጣሁት፣ የዚህ ኦቨን ሙቀት እንቁላልን በደንብ ለማብሰል አስተማማኝ አይደለምና። ነገር ግን ጥሬ ዱቄትም ሆድ የሚያሳምሙ ባክቴሪያዎች ሊኖሩበት ይችላል። ዱቄቱ ደህና የሚሆነው ሲበስል ነው።

ልጅ ከተቃጠለች ወዲያው ቀዝቃዛ የቧንቧ ውሃ ሥር 20 ደቂቃ ያህል ያዙላት። በረዶ አታድርጉ። የጥርስ ሳሙና፣ ቅቤ፣ ሊጥ፣ እንቁላል አትቀቡ፤ ሙቀቱን ቆዳው ውስጥ ያስቀሩታል፣ ቁስሉንም ያቆሽሹታል። ውሃ ከቋጠረ ወይም ቃጠሎው ሰፊ ከሆነ ወደ ጤና ተቋም ውሰዷት።

ለሌላ ልጅ ፓኬት ስትሰጡ ወተትና ስንዴ እንዳለበት ለእናቷ ንገሯት።

ብዙ ጊዜ የሚደርሱኝ ችግሮች

«አበጠና ሰመጠ።» ቤኪንግ ፓውደሩ በዝቷል። ደሴ ላይ ከሆናችሁ ግማሹን የሻይ ማንኪያ ከላይ ጠርጋችሁ ለኩ፣ ቁልሉ ሙሉ ማንኪያ ሊሆን ይችላል።

«ተዘርግቶ አንድ ቂጣ ሆነ።» ሦስት ምክንያት አለው፦ ኦቨኑ በደንብ አልሞቀም፣ ቅቤው ሲታሽ ቀልጦ ነበር፣ ወይም ወተቱ በዝቷል። ብዙውን ጊዜ የመጨረሻው ነው። ልጆች ወተት መጨመር ይወዳሉ፣ ስለዚህ ማንኪያውን ስጧት እንጂ ብርጭቆውን አትስጧት።

«ጠጠር ሆነ።» ዱቄቱ ታምቆ ተሰፍሯል ወይም ሊጡ እንደ ዳቦ ታሽቷል። የቀረውን ፓኬት ለማዳን በየአንዱ ላይ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የአትክልት ቅቤ ጨምራችሁ እሹት።

«አንድ ሰዓት ቢቆይም አልበሰለም።» ኦቨኑን እዩት። 220 ቮልት የሚፈልግ ኦቨን በትራንስፎርመሩ 110 ተሰክቶ ይሆናል፣ ወይም አምፖሉ ኤልኢዲ ነው።

ለጾምና ለጣዕም

ለጾም የዱቄት ወተቱን አውጡና በምትኩ ግማሽ ሲኒ ፉርኖ ዱቄት ጨምሩ፣ ሲለወስም በውሃ ይሁን። የአትክልት ቅቤው ላይ ግን የተጻፈውን አንብቡ፣ ወተት የተጨመረበት ዓይነት አለ። ይህንኑ ድብልቅ የጾም ብላችሁ ለብቻው ጻፉበት።

ካካዎ የምትፈልጉ ከሆነ ከስድስቱ ሲኒ ዱቄት ግማሽ ሲኒ ብቻ አውጥታችሁ በምትኩ ግማሽ ሲኒ ካካዎ አድርጉ። ቀለሙ ስለሚጠቁር መብሰሉን በዓይን መለየት አይቻልም፣ በሰዓት ብቻ ሂዱ። ለኢድ ወይም ለእንግዳ ደግሞ በጣም የደቀቀ ሄል፣ የሻይ ማንኪያ ሩብ፣ ለጠቅላላው ድብልቅ ይበቃል።

እኔ ቤት ብዙ የሚወደደው የበሶው ነው። አንድ ሲኒ ፉርኖ ዱቄት አውጥታችሁ አንድ ሲኒ ደቃቅ የገብስ በሶ አስገቡ። የተቆላው ገብስ ሽታ ኦቨኑ ገና ሳይከፈት ቤቱን ይሞላዋል። በሶ ውሃ ስለሚጠጣ ግን በእያንዳንዱ ፓኬት ላይ ወተቱን በግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨምሩ፤ ትንሽ ስለሚፈረፈርም ከትሪው የሚነሳው ሙሉ በሙሉ ሲቀዘቅዝ ነው።